አራተኛው ልቅ ቀን

ጀዕፈር ሰይድ የሚኖረው በደቂቃ ነው። ሥራው ከአየር ማረፊያው አቅራቢያ ካለ የመኪና ማቆሚያ መንገደኛ እየጫነ ወደ ተርሚናል ማድረስ፣ ከተርሚናል እየጫነ መመለስ ነው። አንዱ ዙር አሥራ ስምንት ደቂቃ ይፈጃል። ሃያ ሲሞላ ሬድዮው መጮኽ ይጀምራል።

«ቫን ሰባት! የት ነህ?»

«ደርሻለሁ» ይላል ጀዕፈር፣ የትም ቢሆን።

አሥራ አንድ ዓመት እንዲህ ሲደርስ ኖሯል። አውሮፕላን ሊያመልጠው የደረሰ ሰው ፊት ምን እንደሚመስል ከእሱ በላይ የሚያውቅ የለም። በመስታወቱ ያየዋል። ሰውየው ሰዓቱን ያያል፣ መንገዱን ያያል፣ ደግሞ ሰዓቱን ያያል፣ ከዚያ የጀዕፈርን ማጅራት ያያል፤ ጥፋቱ እዚያ የተጻፈ ይመስል። ጀዕፈር አይቆጣም። «ኢንሻአላህ እንደርሳለን» ይለዋል፤ ሰውየው ባይገባውም ድምፁ ያረጋጋዋል።

ይህ ሰው ነው ባለፈው ጁላይ ልጁን ለማግኘት አንድ ቀን ብቻ የተሰጠው። ቀኑ ደግሞ የተጻፈው በየትኛውም ግድግዳ ላይ በማይሰቀል ካሌንደር ነበር።

ልጁ ሳሚያ ትባላለች፤ አሥራ ስምንት ዓመቷ ነው። እሱና ባለቤቱ ሀጂራ ዲቪ ደርሷቸው ከወሎ፣ ከሐርቡ ሲመጡ ሳሚያ ሦስት ዓመቷ ነበር። ስቶን ማውንቴን፣ «የድንጋይ ተራራ» በምትባል ከተማ፣ አንድ አፓርታማ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ገቡ፤ ከዚያም አልወጡም። ከኩሽናው መስኮት ያ ተራራ የሚሉት ግራጫ ድንጋይ ከዛፎቹ በላይ ጀርባውን ብቻ ያሳያል። ሀጂራ «ግመሏ ዛሬም አልተነሳችም» ትል ነበር፣ በየጠዋቱ መጋረጃውን ስትገልጥ።

ሀጂራ የሞተችው ከስድስት ዓመት በፊት፣ ጠያቂ ሆስፒታል በማይገባበት በዚያ በወረርሽኙ ሰመር ነው። ረቡዕ፣ ፀሐይ ጠልቃ መግሪብ ከሰገዱ በኋላ፣ ነርሷ ስልክ ይዛላት አነጋገረቻቸው። ሐሙስ ጠዋት ሆስፒታሉ ደወለ። ጀዕፈር ማድረግ የሚያውቀውን ሁሉ አደረገ። ቀበረ፣ ሰደቃ አወጣ፣ ወደ ሥራው ተመለሰ። ስሟን ግን ቤት ውስጥ አላነሳም። ሊያነሳው ሲል ጉሮሮው ይዘጋል፤ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ፊት ማልቀስ ደግሞ ልጅቷን ማስደንገጥ መሰለው። ስለዚህ «በልተሻል?» ይላታል። ስድስት ዓመት ሙሉ «በልተሻል?» አላት።

እሷም በልታለች። ከበላች በኋላ ክፍሏ ገብታ ትጽፋለች። ምን እንደምትጽፍ ጠይቆ አያውቅም። የትምህርት ቤት ነገር ይመስለው ነበር፤ ደብተሮቹ ስድስት ደርሰው፣ ትምህርት ቤቱን ከጨረሰች በኋላም።

ጁላይ በገባ በመጀመሪያው ቀን፣ ረቡዕ፣ ጀዕፈር ኦፍ ነበር። የሳሚያ ክፍል ኤሲ ውሃ ያንጠባጥባል ስላለች ሊያየው ገባ። እሷ ሥራ ሄዳለች። ከአልጋዋ ራስጌ ቀይ የሱፍ ክር ተንጠልጥሏል፤ ክሩ ላይ ስድስት ቋጠሮ አለ። ከክሩ ሥር አንድ ደብተር ተከፍቶ ተቀምጧል። ገጹ ላይ የተሳለችው ሴት ቋጠሮ ያለበት ክር አፏ አጠገብ አድርጋ እፍ ትላለች። ከሥዕሉ በታች በእንግሊዝኛ «የጊዜ አስማት» የሚል ተጽፏል።

ሌላ አባት ቢሆን ስቆ ያልፈው ይሆናል። ጀዕፈር ግን ያደገው ቋጠሮ ያለበት ክር ደጃፍ ላይ ከተገኘ ሰፈሩ በሙሉ በሚታመስበት አገር ነው። እስከ ዛሬም በየማታው ከመተኛቱ በፊት፣ ክር ቋጥረው እፍ ከሚሉ ሰዎች ክፋት ጌታው እንዲጠብቀው ይለምናል። ሳሚያ ደግሞ ሰሞኑን ራሷን ያማታል፣ እንቅልፍ የላትም፣ እንግዳ ሲመጣ አትወጣም። ሁሉም ነገር በአንዴ ገጠመለት። ልጄ ላይ አስደግመውባታል አለ።

መቀስ አላመጣም፤ እንዲህ ያለ ቋጠሮ አይቆረጥም፣ ቁርኣን እየቀሩ ነው የሚፈቱት። ውዱእ አደረገ፣ አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀመጠ፣ እየቀራ አንድ በአንድ ፈታ።  የመጀመሪያዋ ቋጠሮ ስድስት ዓመት የቆየች ስለሆነች አልፈታም አለችው፤ በጥርሱ ፈታት። ከዚያ ክሩንም ደብተሮቹንም ጥቁር ፌስታል ውስጥ ጨምሮ፣ ወርዶ፣ ከሕንፃው ጀርባ ያለው የቆሻሻ ገንዳ ውስጥ ጣላቸው። ሲመለስ ትከሻው ቀልሎት ነበር።

ሳሚያ አመሻሽ ላይ ገባች። ክፍሏ ደርሳ ወዲያው ተመለሰች።

«አባ፣ ደብተሮቼስ?»

«ቁጭ በይ የኔ እናት። የሆነ ሰው ክፉ ነገር አድርጎብሽ ነበር። አልሐምዱሊላህ፣ ፈትቼዋለሁ።»

«ምኑን?»

«ክሩን። አንድ በአንድ።»

«ስድስቱንም?»

«ስድስቱንም» አለ። በኩራት ነበር የተናገረው። ኋላ ላይ ከሁሉም በላይ ያንገበገበው ይህ ነው፤ በኩራት መናገሩ።

ደረጃውን ሦስት ሦስት እየዘለለች ወረደች። የቆሻሻ መኪናው ከሰዓት በኋላ መጥቶ ገንዳውን ጠርጎት ሄዷል። አልጮኸችም፣ አላለቀሰችም። ሁለት ቀን አላናገረችውም። ዓርብ ጁምዓ ሰግዶ ሲመለስ ክፍሏ ተጠርጓል፣ አልጋው ተነጥፏል፤ ኩሽና ጠረጴዛ ላይ ወረቀት ተቀምጧል። ፊደሉ እናቷ ያስተማረቻት፣ ከስድስት ዓመት ወዲህ ያላደገ የልጅ ፊደል ነው።

«አባ፣ ሄጃለሁ። ደህና ነኝ። ስልኬን ዘግቻለሁ። አንድ ቀን እጠብቅሃለሁ። በአራተኛው ልቅ ቀን፣ ቀኑ ሲከፈት፣ ታላቁ ድንጋይ ሥር፣ ሰው መውጣት የሚጀምርበት ቦታ። ደብተሮቹን አንብበህ ከሆነ ቀኑን ታውቀዋለህ። ካላነበብክ ሰው ጠይቅ። ካልመጣህ ከዚያ በኋላ አትፈልገኝ።»

ፖሊስ ጠራ። ፖሊሱ ትሑት ወጣት ነበር፤ ወረቀቱን እንደ ሎተሪ ትኬት አገላብጦ አየው። ዕድሜዋን ጠየቀ። አሥራ ስምንት ሲባል እስክሪብቶውን ኪሱ ከተተ። ደህና ነኝ ብላ ጽፋለች፣ ልብሷን ይዛ ሄዳለች፣ መሄድ መብቷ ነው አለ። ጀዕፈር «መብቷ ነው» ብሎ ደገመለት።

ፖሊሱ እንደሄደ ገንዳው ውስጥ ገባ። ጎንበስ ብሎ አይደለም፣ እግሩን አንስቶ ገባ። ከረቡዕ ወዲህ የተጣለውን ሁሉ በእጁ ፈተሸ። የሁለተኛ ፎቅዋ ሴትዮ ውሻዋን ይዛ ስታልፍ አየችውና መንገድ ቀየረች።

ከዚያ ለአብዱልወሀብ ደወለ። አብዱልወሀብ የኮምቦልቻ ልጅ ነው፤ ቫን አራትን ይነዳል፤ ለሞትም ለሠርግም የሚያወጣው ቀልድ አያጣም።

«ልቅ ቀን ማለት ኦፍ የምትሆንበት ቀን ይሆናላ» አለ። «ስኬጁሏን ጠይቅ።»

«ደውዬ ነበር። ሥራዋን ኩዊት አድርጋለች።»

«እንግዲያው ሁሉም ቀን ልቅ ነዋ!» አለና በራሱ ቀልድ አፈረ። «አንተ፣ ጓደኛ የላትም እንዴ?»

አንድ አለቻት። ኤልዳና፣ የኃይለማርያም ልጅ፤ ድሮ ከእነሱ በታች ያለው ፎቅ ላይ ይኖሩ ነበር። አሁን ኬኔሶ ዩኒቨርሲቲ ነች። ጀዕፈር ቅዳሜን ሙሉ ቁጥሯን ሲያፈላልግ ዋለ፤ ሰማዩ በነጻነት በዓሉ ርችት ሲንጣጣ ሊቶኒያ ድረስ ሄዶ ከአባቷ ተቀበለ። እሑድ ኬኔሶ፣ አንድ የገበያ ማዕከል ፊት ፓርክ አድርጎ ጠበቃት። በረዶ የተሞላ ቡና ይዛ መጥታ ከጎኑ ገባች።

«ጋሽ ጀዕፈር፣ ሰላም ነህ? ሶሪ፣ ‹ነዎት› ነው ኣ? አማርኛዬን ያው ታውቀዋለህ።»

«ግድ የለም ልጄ። የት እንዳለች ታውቂያለሽ?»

«እሱን ከጠየቅከኝ እወርዳለሁ።»

«ምን?»

«ላይክ፣ ፕሮሚስ አድርጌያለሁ። ‹የት ናት ካለሽ ከመኪናው ውረጂ፤ ስለ ካሌንደሩ ከጠየቀሽ አሳዪው› ነው ያለችኝ።» እጇን በሩ እጀታ ላይ አድርጋ ነበር።

ጀዕፈር ምራቁን ዋጠ። ልጁ በሕይወት አለች፣ ይቺ ልጅ አግኝታታለች፣ ምናልባት ዛሬ ጠዋት አብረው በልተዋል። ይህን ሁሉ ዋጠው።

«ስለ ካሌንደሩ ልጠይቅሽ» አለ።

ኤልዳና እጇን ከበሩ አነሳች። ሳሚያ የወደደቻቸውን ገጾች ፎቶ እያነሳች ትልክላት ነበር፤ ሃያ ያህል ይሆናሉ። ስልኳን ዳሽቦርዱ ላይ አቁማ እያሳየች ትነግረው ጀመር።

«አገሩ ኢልማር ይባላል፣ ኦኬ? ታላቁ ድንጋይ ሥር ያለ አገር ነው። እዚያ ቀን ዝም ብሎ አያልፍም። ቋጣሪዎች የሚባሉ ሴቶች አሉ። አንድ ቀን ሊያመልጣቸው ሲል ክር ላይ ይቋጥሩታል። የተቋጠረ ቀን አያልቅም። ውስጡ ያሉ ሰዎች እዚያው እያወሩ፣ እየሳቁ ይኖራሉ። እኛ ውጪ ያለነው እናረጃለን፣ እነሱ አያረጁም። ግን ዋጋ አለው፤ ቋጣሪዋ ከራሷ ዕድሜ አንድ ቀን ትሰጣለች።»

«እፍ የምትለውስ?»

«የቷ?»

«ሥዕሉ ላይ። ቋጠሮው ላይ እፍ የምትል ሴት አለች።»

«ኦ! እሱማ ክሩ ትኩስ ስለሆነ ነው። ቀን ሲቋጠር ይግላል። ጣቷን እንዳያቃጥላት ነው እፍ የምትለው።»

ጀዕፈር መሪውን ያዘ፤ መኪናው ግን ቆሟል።

«ዓመቱ ዘጠኝ ወር ነው፤ ወሩ አርባ ቀን» አለች ኤልዳና። «ለምን አርባ ስላት፣ ሰው ሲሞት እናንተም አርባ ትላላችሁ እኛም አርባ እንላለን አለችኝ። የመጀመሪያው ወር ድምፅ ይባላል፤ ሁለተኛው ዝምታ። የመጨረሻው በር ነው። ዘጠኝ ጊዜ አርባ፣ ሦስት መቶ ስድሳ። አምስት ቀን ይተርፋል፣ ልክ እንደ ጳጉሜ። እነሱ ናቸው ልቅ ቀናት። ክር አይዛቸውም። በልቅ ቀን የተደረገ ነገር ተደረገ በቃ፤ ቋጣሪ አታስቀረውም፣ አትመልሰውም። ስለዚህ የኢልማር ሰው በልቅ ቀን ቤቱ ቁጭ ይላል። ከልቡ የሚፈልገው ነገር ከሌለ በስተቀር አይወጣም።»

«ዓመቱ መቼ ነው የሚጀምረው?»

ኤልዳና ስልኩን አነሳች። ፎቶዎቹን ወደ ኋላ ገፍታ ገፍታ የመጀመሪያው ላይ ቆመችና ስልኩን እጁ ላይ አስቀመጠችለት። የቀረው ሁሉ በእንግሊዝኛ ሲሆን ይኼ ገጽ በአማርኛ ነበር፤ በትልልቅ ፊደል።

«ድምፅ አንድ። በዚህ ቀን እናቴ በስልክ አነጋገረችን። በዚህ ቀን እናቴ ሞተች። ይህን ቀን ቋጥሬዋለሁ። እያወራች ነው።»

ጀዕፈር ሦስት ጊዜ አነበበው። ከውጪ የገበያ ጋሪ እየተንጋጋ አለፈ።

«ስድስቱ ቋጠሮዎች…» አለ።

«በየዓመቱ አንድ። ያንኑ ቀን እንደገና ትቋጥረዋለች፣ እንዳይላላ።»

የመጀመሪያዋን ቋጠሮ በጥርሱ ሲፈታ አፉ ውስጥ የቀረው የሱፍ ጣዕም መጣበት። በሩን ከፍቶ ሊወርድ አሰበ፤ ወርዶ የት እንደሚሄድ አጣና ተወው። ኤልዳና ቡናዋ ውስጥ ያለውን በረዶ ታማስላለች። ቀና ስትል ጀዕፈር በጣቱ ይቆጥር ነበር።

«ሀጂራ ያነጋገረችን ረቡዕ ነው። የሞተችው ሐሙስ። እሷ ሁለቱንም አንድ ቀን ላይ ጽፋዋለች።»

«ልጅ ነበረች እኮ ያኔ።»

«ልጅ ነበረች» አለ። «ሐሙስ ይሁን እንግዲህ፤ ጁላይ ዘጠኝ። አምስቱ ልቅ ቀናት ከእሱ በፊት ናቸው። አምስተኛው ስምንት፣ አራተኛው ሰባት። ከነገ ወዲያ፣ ማክሰኞ። ቀኑ ሲከፈት የምትለውስ?»

«ሰንራይዝ ነዋ!»

እሱም ሌላ አልታየውም። ንጋት ነው፤ ቦታው ደግሞ ያው ከኩሽናቸው መስኮት የሚታየው ድንጋይ ነው።

ሰኞ ሥራ ገባ። ማክሰኞን አብዱልወሀብ ሊሸፍንለት ተስማማ። ቀኑን ሙሉ ዙር በዞረ ቁጥር የሚላትን ይለማመዳል። መጀመሪያ ይቅርታ ሊል፤ ከዚያ የእናቷን ስም ሊጠራ፤ ከዚያ ምን እንደሚል አያውቅም፤ እዚያ ላይ ሲደርስ ሁልጊዜ ተርሚናሉ ይደርሳል። ፀሐይ ስትጠልቅ መኪና ማቆሚያው ጀርባ ካርቶን አንጥፎ መግሪብ ሰገደ። ሳይጨርስ ሬድዮው ጮኸ።

ማክሰኞ ሱብሂን የሰገደው ድንጋዩ ሥር ነው። ሰው መውጣት የሚጀምርበት ቦታ አግዳሚ ወንበር አለ፤ እዚያ ተቀመጠ። ንጹህ ሸሚዝ ለብሷል። በዱላ የሚሄዱ ሽማግሌ ባልና ሚስት ሰላም ብለውት ወጡ። የምትሮጥ ሴት አለፈች። በመጣው ሴት ልጅ ሁሉ ከወንበሩ ይነሳል፤ ስትቀርብ ይቀመጣል። ፀሐይዋ ከዛፎቹ ተላቀቀች። ሽማግሌዎቹ ወጥተው ተመለሱ። ያኔ ስልኩ ጠራ፤ ኤልዳና ነች፣ እያለቀሰች።

«ጋሽ ጀዕፈር፣ የት ነህ?»

«ድንጋዩ ሥር። ገና አልመጣችም።»

«መጥታ ነበር።»

«መቼ?»

«ትናንት ማታ! ፀሐይ ስትገባ! ኢልማር ውስጥ ቀን የሚከፈተው ፀሐይ ስትጠልቅ ነው። እኔም አላወቅኩም፣ ስዌር፤ ፎቶዎቹ ላይ የለም። ለምን አልነገርሽኝም ስላት፣ ‹ለእሱ አይነገረውም፣ እሱ ነው ያስተማረኝ› አለች።»

ጀዕፈር ወንበሩ ላይ ተቀመጠ።

አስተምሯት ነበር። አራት ወይ አምስት ዓመቷ ሳለች፣ ሐሙስ ፀሐይ ስትጠልቅ እጇን እያጠበላት «ጁምዓ ገባ» ይላት ነበር። «ነገ አይደል እንዴ?» ስትለው፣ «ሌሊቱ ነው የሚቀድመው፤ ቀኑ ይከተለዋል፤ አዲስ ቀን በር የሚከፍተው ማታ ነው» ብሏታል። እናቱ ለእሱ ያለችውን ነው ያላት። ረመዳንን የሚቀበለው በዚያ ነው፤ ዒዱን የሚቀበለው በዚያ ነው። ዕድሜውን ሙሉ ሲቆጥር የኖረው እንዲያ ሆኖ ሳለ፣ የገዛ ልጁን ቀን ግን እንደ ፈረንጅ ቆጠረው። ረቡዕ ከመግሪብ በኋላ ያነጋገረቻቸውና ሐሙስ ጠዋት የሞተችው በአንድ ቀን ነው። ልጅቷ አልተሳሳተችም። አሥራ ሁለት ዓመቷ ነበር፤ አልተሳሳተችም።

«ልምጣ? የት ነች አሁን?»

«አውቶቡስ ላይ። ወደ ሲያትል፤ እዚያ የሃይስኩል ጓደኛችን አለች። እስኪነሳ እንዳልደውልልህ አስምላኝ ነው። ጋሼ፣ ሶሪ፣ በጣም ሶሪ…»

«ተነስቷል?»

«ተነስቷል።»

«ትናንት ብዙ ጠበቀች?»

 «የፓርኩን በር እስኪዘጉ» አለች ኤልዳና።

ጀዕፈር ስልኩን ከጆሮው አራቀ፤ መልሶ አስጠጋው። «ኤልዳና፣ አንድ ነገር ላኪልኝ።»

«አትመልስልህም።»

«አትመልስ። ‹አራተኛው ቀን አልተዘጋም፤ እስኪዘጋ ድረስ እዚያው ነኝ› በያት።»

በእሷ አቆጣጠር ቀኑ የሚያልቀው ዛሬ ፀሐይ ስትጠልቅ ነው። እስከዚያ የተባለው ቀን ነው፤ እሱም በተባለው ቦታ ነው። አውቶቡስ እንደማይመለስ ያውቃል። መንገደኛ የሚያመላልስ ሰው ነው፤ ከእሱ በላይ የሚያውቀው የለም። ቢሆንም አልተነሳም።

ሙቀቱ በረታ። ድንጋዩ ሲግል ነጭ ይሆናል፤ ዓይን አያሳይም። እኩለ ቀን ላይ አብዱልወሀብ ውሃና ሳምቡሳ ይዞ መጣ። ቫኑን አደባባይ ላይ አቁሞ፣ በሬድዮ ጎማ ተነፈሰብኝ ብሎ ዋሽቶ ነው የመጣው።

«አንተ ሰውዬ፣ አውቶቡሱ እኮ ይሄኔ ቴነሲን አልፏል።»

«ቀኑ አላለቀም።»

«የማን ቀን?»

«የእሷ።»

አብዱልወሀብ ሊቀልድ አፉን ከፈተና ዘጋው። ውሃውን ከፍቶ ሰጠው። ከጎኑ ተቀምጦ ድምፁን ቀነስ አደረገ።

«ስማኝ። ከደወለች፣ ደብተሮቹን ደብቄያቸው ነው እንጂ አልጣልኳቸውም በላት። ትመለሳለች። ትመለስ ብቻ፣ የቀረውን ኋላ ትጨርሱታላችሁ።»

«ውሸት ነዋ።»

«ልጅህን የምትመልስ ውሸት ነች! አላህ መሐሪ ነው።» ሬድዮው ጠራው። እየተነሳ ትከሻውን ጨበጥ አደረገው፤ ሄደ።

ሐሳቡ ግን አልሄደም። ጀዕፈር ከሰዓት በኋላውን ሁሉ ከዚያ ውሸት ጋር ተቀምጦ ዋለ። ዙህርና ዐስርን ከዛፍ ጥላ ሥር ሰገደ፤ ግንባሩ መሬት ሲነካ፣ በሱጁዱ ውስጥም አገኘው። ሲያስበው ቀላል ነበር። ስድስት ደብተር ገዝቶ፣ ኤልዳና ስልክ ውስጥ ያሉትን ሃያ ገጾች ገልብጦ፣ የቀረውን የኤሲው ውሃ አበላሸው ቢል…። ወዲያው ደግሞ ይህ ልቅ ቀን መሆኑ ይታወሰዋል። በልቅ ቀን የተደረገ ነገር አይመለስም። ልጁ የጻፈችውን ሕግ እየፈራ መሆኑን ሲያውቅ ገረመው።

ጥላው ረዘመ። የሚወጣው ሰው አነሰ፣ የሚወርደው በዛ። ፀሐይዋ ዛፎቹ ጫፍ ላይ ስትደርስ ስልኩ ጠራ። የሳሚያ ቁጥር ነው፤ የተዘጋው።

«አባ።»

ከኋላዋ የሞተር ድምፅ፣ የሕፃን ልቅሶ ይሰማል።

«አቤት የኔ እናት።»

«እዚያው ነህ?»

«እዚያው ነኝ።»

«ከመቼ ጀምረህ?»

«ከንጋት።»

«እኔ ከመግሪብ ጀምሮ ነበርኩ። ትናንት።»

«አውቃለሁ። እኔ እኮ… አሜሪካዊት መስለሽኝ ነው።»

ከወዲያ በኩል አጭር ትንፋሽ ወጣ፤ ሳቅ ይሁን ልቅሶ አልለየውም። ከዚያ ድምፅዋ ተለወጠ፤ የትንሽ ልጅ ሆነ።

«አባ፣ አልጣልካቸውም ኣ? ልትቀጣኝ ደብቀሃቸው ነው ኣ? ቀጣዩ ፌርማታ ሴንት ሉዊስ ነው። ደብቀሃቸው ከሆነ እወርዳለሁ። ወላሂ እወርዳለሁ።»

ውሸቱ አፉ ውስጥ ነበር። ተሠርቶ፣ ተስተካክሎ፣ ቀኑን ሙሉ ተጠብቆ ተቀምጧል። አንድ ቃል ነው። «አዎ» ቢል ልጁ ሻንጣዋን ታወርዳለች።

«የሉም፣ ሳሚያ» አለ። «መኪናው ወስዷቸዋል። ገንዳው ውስጥ ገብቼ ፈልጌያቸዋለሁ። ኤልዳና ጋ ካሉት በቀር አንድም የለም። ክሩንም የፈታሁት እኔ ነኝ። የእናትሽን ቀን፣ የሀጂራን ቀን፣ በጥርሴ ፈታሁት። ሰው የደገመብሽ መስሎኝ ነው። አላነበብኩትም ነበር።»

ሀጂራ ብሎ ሲጠራት ጉሮሮው አልተዘጋም። ቀጥሎ ነው የተዘጋው።

 የሕፃኑ ልቅሶ ቆመ፤ ሞተሩ ብቻ ቀረ። ጀዕፈር ፀሐይዋን ያያል። ግማሿ ገብቷል። ከዚያ ጥፍር የምታህል ቀረች። ከዚያ እሷም የለችም። ስልኩ ውስጥ ያለው የሰላት ሰዓት ማሳወቂያ ጆሮው ሥር አዛን ማለት ጀመረ፤ እሷም ጋ ሳይሰማ አልቀረም፤ እስኪያልቅ ድረስ ሁለቱም ጠበቁት።

«ተዘጋ» አለች ሳሚያ።

«ተዘጋ።» ከዚያ፣ ቢቸግረው፣ «በእናንተ አገር፣ ኢልማር፣ ዘግይቶ የደረሰን ሰው ምን ያደርጉታል?» አላት።



«እሱን ገና አልጻፍኩትም» አለች ሳሚያ።

ስልኩ ተቋረጠ። እሷ ትዝጋው፣ መስመሩ ይበጠስ አላወቀም። መልሶ ደወለ፤ አልተነሳም። እንደገና ደወለ። ሴንት ሉዊስ ምን ያህል እንደቀራት አልጠየቃትም፤ አውቶቡሱ እዚያ ምን ያህል እንደሚቆምም አያውቅም። ከድንጋዩ የሚወርዱት የመጨረሻዎቹ ሰዎች በአጠገቡ እያለፉ ወደ መኪኖቻቸው ሄዱ። መብራት እያበሩ አንድ በአንድ ወጡ። ጀዕፈር ስልኩን እንደያዘ ቆሟል፤ ፊቱን መኪኖቹ ወደሚወጡበት አይደለም ያዞረው፣ ወደሚገቡበት ነው።